ቁስሉ ድኗል፣ ጦሱ ግን አለ፦ የጦር ሜዳ ጉዳት በሕክምና ኮድ እንዴት ይጻፋል?

አንድ ሰው ሐኪም ፊት ተቀምጦ "ሌሊት ሌሊት የእግር ጣቶቼ ይቃጠላሉ፣ እሳት ላይ የተጣዱ ነው የሚመስለኝ" ይላል። ሐኪሙ ወደ ታች ያያል። ጣት የለም። የሰውየው ቀኝ እግር ከጉልበት በታች ከ12 ዓመት በፊት ፈንጂ ወስዶታል። ቁስሉ ከዳነ ቆየ፣ ስፌቱም ደርቋል፣ ክፍሉ ውስጥ የገባውም በሰው ሠራሽ እግር እየተራመደ ነው። ሕመሙ ግን የዛሬ ነው፤ ትናንት ማታ አላስተኛውም።

ሐኪሙ ያዳምጠዋል፣ መድኃኒት ያዝለታል፣ መዝገቡ ላይ "የቀኝ እግር ሕመም" ብሎ ይጽፍና ወደሚቀጥለው ታካሚ ያልፋል።

እነዚህ ሦስት ቃላት ናቸው ወደ ኮደሯ፣ መዝገቡን ወደ ኮድ ወደምትለውጠው ባለሙያ፣ የሚሄዱት። ኮደሯ ሰውየውን አላየችውም። እግሩን አላየችም፣ "ይቃጠላሉ" ሲልም አልሰማችም። የተጻፈውን ብቻ ነው የምታየው። ከተጻፈው የሚወጣው ኮድ ደግሞ ኤም79.604 ነው፣ ቀኝ እግር ላይ ያለ ሕመም። ዛሬ ጠዋት ደረጃ ላይ ወድቆ የመጣ ሰውም ይኸው ኮድ ሊሰጠው ይችላል። ፈንጂው፣ 12ቱ ዓመት፣ የሌለው እግር፣ ሁሉም ከመዝገቡ ጠፉ።

እኔ የምሠራው ይህንኑ ሥራ ስለሆነ እንዲህ ያለ መዝገብ ባየሁ ቁጥር ያንገበግበኛል። ምክንያቱም ይህን ታሪክ በትክክል የሚይዙ ኮዶች አሉ። ደግሞም ያን ያህል ከባድ አይደሉም፣ አንዴ ከገቧችሁ አትረሷቸውም። ኮዶቹን በፊደላችን፣ ሲነበቡ እንደሚሰሙት ነው የምጽፋቸው።

መጀመሪያ ነገሩ ምን እንደሆነ ባጭሩ። የሕክምና ኮዲንግ ማለት ሐኪሙ በቃል የጻፈውን ወደ ፊደልና ቁጥር መለወጥ ነው፤ ዓላማው አንድ ዓይነት ሕመም የትም ቦታ፣ ማንም ቢጽፈው፣ በአንድ ዓይነት ምልክት እንዲቆጠር ነው። የዓለም ጤና ድርጅት የሚያወጣው አይሲዲ የሚባል የበሽታዎች ዓለም አቀፍ ምደባ አለ። መነሻው እ.ኤ.አ. በ1893 የቀረበ የሞት ምክንያቶች ዝርዝር ነው፤ ይቆጥር የነበረውም የሞቱትን ብቻ ነው። በሕይወት ያለ ሰው ሕመምና ጉዳት በወጉ የገባው በ1948 ስድስተኛው ዕትም ሲወጣ ነው፣ ማለትም ሁለት የዓለም ጦርነቶች ካለፉ በኋላ። አሁን ብዙ አገር የሚጠቀመው አሥረኛውን ዕትም ነው። አሜሪካ ይህንኑ አሥረኛ ዕትም እጅግ ዘርዝራ አይሲዲ-10-ሲኤም ብላ ከጥቅምት 1 ቀን 2015 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ትሠራበታለች። የጦር ጉዳትን በዝርዝር የሚጽፈው ይህ ስለሆነ በዋናነት የማወራው ስለ እሱ ነው።

በዚህ ዝርዝር ውስጥ የጉዳት ኮድ ብዙውን ጊዜ ሰባት ቦታ አለው። የመጨረሻዋ ሰባተኛዋ ቦታ ላይ አንዲት ፊደል ትገባለች፣ ኤ ወይም ዲ ወይም ኤስ። ለአጥንት ስብራት ሌሎችም አሉ፣ ግን መሠረቶቹ እነዚህ ሦስቱ ናቸው። የጉዳዩ እምብርት እዚህ ነውና ቀስ ብለን እንያቸው።

ኤ ማለት ጉዳቱ ራሱ ገና እየታከመ ነው ማለት ነው፤ ደም እየቆመ፣ ቀዶ ሕክምና እየተደረገ። ብዙ ሰው "የመጀመሪያ ጉብኝት" ማለት ይመስለዋል። አይደለም። ሰውየው አምስተኛ ሆስፒታሉ ላይ ቢሆንም ቁስሉ ላይ ገና ሕክምና እየተሠራ ከሆነ ኤ ነው። ዲ ደግሞ ዋናው ሕክምና አልቆ ሰውየው እየዳነ ሲሄድ ነው፤ ስፌት ማውጣት፣ መገጣጠሙን ማየት፣ እንቅስቃሴ ማለማመድ።

ኤስ የሚመጣው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው። ቁስሉ ዘግቶ፣ ጉዳቱ እንደ ጉዳት አልቆ፣ ግን ያ ጉዳት ጥሎት የሄደ ነገር ሲኖር። ባለሙያዎቹ ሴኩዌላ ይሉታል፤ ላቲን ነው፣ የሚከተል ማለት ነው። እኛ ዘንድ ከዚህ የሚሻል ቃል አለ፣ ጦስ። የጦርነት ጦስ ስንል ጥይቱ ከቆመ በኋላ ሰው ላይ የሚቀረውን ነው የምንለው፤ ይህች ኤስም የምትለው እሱኑ ነው። ተማሪ ሳስተምር "ሴኩዌላ" ብዬ ግማሽ ሰዓት ካስረዳሁት ይልቅ "ጦሱ" ብዬ በአንድ ቃል የገባቸው ይበልጣል።

ኤስ የጊዜ ገደብ የላትም። የአሜሪካው መመሪያ ይህን በግልጽ ይላል፤ ጦሱ በሦስት ወርም ይምጣ በ40 ዓመት፣ ያው ጦስ ነው። የዓለም ጤና ድርጅት አሥረኛ ዕትም እዚህ ላይ ትንሽ ይለያል፤ እንደ ጦስ ተብሎ የተጻፈውን ሁሉ ይቀበላል፣ በተጨማሪም ክስተቱ ከደረሰ አንድ ዓመትና ከዚያ በላይ ቆይቶ የመጣን ዘግይቶ የሚታይ ውጤት ጦስ ብሎ ይቆጥራል። እዚያ የጦርነት ጦስ ሁሉ ዋይ89.1 በምትባል አንዲት ኮድ ሥር ነው የሚገባው። ፈንጂም ይሁን ጥይት፣ ወታደርም ይሁን ሲቪል፣ አንድ ኮድ። አሜሪካ ውስጥም እስከ 2015 በዘጠነኛው ዕትም ነገሩ እንደዚሁ በጅምላ ነበር።

አሁን ወደ ሰውየው እንመለስ። የሱ መዝገብ በትክክል ቢጻፍ እንዲህ ይሆናል።

መጀመሪያ ጂ54.6። የሌለ አካል ሕመም፣ የተቆረጠ እግር እንዳለ ሆኖ ሲያም። ይህ የዛሬው ችግር ነው፣ ሰውየውን ሐኪም ዘንድ ያመጣው። ከዚያ ኤስ88.111ኤስ። ፊተኛዋ ኤስ የምዕራፉ ፊደል ናት፣ የጉዳቶች ምዕራፍ፤ መሐሉ ያለው ቁጥር ቀኝ እግር ከጉልበትና ከቁርጭምጭሚት መሐል በአደጋ ሙሉ በሙሉ መቆረጡን ይናገራል፤ የመጨረሻዋ ኤስ ናት ጦሷ። ሁለቱን አታምታቷቸው፣ ጀማሪዎችን ሁሌ የምታሳስት ነገር ናት። ቀጥሎ ዋይ36.230ኤስ፣ በጦርነት ወቅት በእጅ የተሠራ ፈንጂ ወታደር ላይ ያደረሰው። በመጨረሻ ዜድ89.511፣ ቀኝ እግር ከጉልበት በታች የለም።

ቅደም ተከተሉን ልብ በሉ። ዛሬ የሚያመው ይቀድማል፣ የድሮው ቁስል ይከተላል፣ ጦርነቱ ከዚያ በኋላ ይመጣል። ይህ በዘፈቀደ አይደለም። ሐኪሙ ዛሬ የሚያክመው የነርቭ ሕመም እንጂ ከ12 ዓመት በፊት የተቆረጠውን እግር አይደለም። ኤስ የምትለጠፈውም በድሮው ጉዳት ላይ እንጂ በዛሬው ሕመም ላይ አይደለም፤ ጂ54.6 ላይ ኤስ ልለጥፍ ብትሉ ቦታውም የለም። የጦርነቱ ኮድ ደግሞ የውጭ ምክንያት ኮድ ይባላል፣ እና መቼም ቢሆን ከፊት አይቀመጥም። ምክንያት እንጂ ሕመም አይደለም።

ሌላም ጥብቅ ደንብ አለ። ገና ከሚታከም ጉዳት ጋር የዚያኑ ጉዳት የጦስ ምክንያት ኮድ አብሮ አይጻፍም። ወይ ጉዳቱ አለ ወይ ጦሱ አለ። ቃጠሎ ላይ ግን ይህ ይላላል፣ ምክንያቱም ቃጠሎ ሁሉም ቦታ እኩል አይድንም። ፊቱ ላይ ያለው ደርቆ ጠባሳ ሲሆን እጁ ላይ ያለው ገና ሊያዥ ይችላል። ስለዚህ በአንድ መዝገብ ላይ የአንዱ ቃጠሎ ኮድ በኤ ወይም በዲ፣ የሌላው በኤስ ሊጻፍ ይፈቀዳል። ይህን ደንብ የጻፈው ሰው የተቃጠለ ሰው በዓይኑ አይቶ መሆን አለበት እላለሁ።

ስለ ዋይ36 ትንሽ ልበል። ይህ ምድብ ጦርነትን፣ የእርስ በርስ ግጭትን፣ ሰላም ማስከበርን ሁሉ ይይዛል። ቁጥሮቹ መሣሪያውን ይለያሉ፣ በእጅ የተሠራ ፈንጂ ሌላ፣ የጥይት ሌላ። ስድስተኛዋ ቦታ ላይ ዜሮ ካለ ተጎጂው ወታደር ነው፣ 1 ካለ ሲቪል ነው። እኔን ሁሌም የሚነካኝ ዋይ36.81 ነው፤ በጦርነት ጊዜ ተቀብሮ ውጊያው ከቆመ በኋላ የፈነዳ ፈንጂ። ዋይ36.811 ሲሆን ተጎጂው ሲቪል ነው። ሰላም ከሆነ በኋላ ማሳ ሲያርስ፣ ከብት ሲያግድ የረገጠ ሰው ማለት ነው። ዝርዝሩ ውስጥ ለዚህ ሰው ለብቻው ቦታ ተሰጥቶታል፤ ጦርነቱ አልቋል ተብሎ ተራ አደጋ ውስጥ አልተደባለቀም። በሰላም ጊዜ ወታደራዊ ልምምድ ላይ የተጎዳ ደግሞ እዚህ አይገባም፣ እሱ ዋይ37 ነው።

እስካሁን ያወራሁት ስለሚታይ ጉዳት ነው። የማይታየው ላይ ነው ነገሩ የሚወሳሰበው።

ፈንጂ አጠገቡ ፈነዳ፣ ደም አልፈሰሰም፣ ራሱን እንኳን አልሳተም፤ ለጥቂት ደቂቃ ጆሮው ጮኸ፣ ነገር ዞረበት፣ ከዚያ ተነስቶ ወደ ሥራው ተመለሰ። ከስድስት ዓመት በኋላ በየሳምንቱ ጭንቅላቱን ይፈልጠዋል። እዚህ ላይ ሁለት ኮዶች ይፎካከራሉ። አንዱ ዜድ87.820 ነው፣ "ከዚህ በፊት የጭንቅላት ጉዳት ነበረበት" የሚል የታሪክ ኮድ። ሌላው ኤስ06.0ኤክስ0ኤስ ነው፣ ራስን ሳያስት ያለፈ የአንጎል መናወጥ ጦስ። ልዩነቱ የሰማይና የምድር ነው። የታሪክ ኮዱ የሚለው "ነበረ፣ አልፏል፣ ምንም አልተረፈም" ነው። ራስ ምታቱ ከዚያ ፍንዳታ የመጣ ከሆነ አላለፈም፤ ስለዚህ በቅድሚያ ጂ44.329፣ ከጉዳት በኋላ የመጣ ሥር የሰደደ ራስ ምታት፣ ተከትሎ የጦሱ ኮድ፣ ከዚያ የጦርነቱ። ብዙ መዝገብ ላይ ግን "የድሮ የጭንቅላት ጉዳት አለበት" ተብሎ ይጻፍና ኮደሯ የታሪክ ኮዱን ትሰጠዋለች፤ ራስ ምታቱ ደግሞ ለብቻው ምክንያት እንደሌለው ራስ ምታት ይንጠለጠላል። ሁለቱ እውነቶች አንድ ገጽ ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው አይተዋወቁም።

ይህ ነገር አዲስ አይደለም። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ፣ በ1915፣ ፈረንሳይ ውስጥ ይዋጋ የነበረው የእንግሊዝ ሠራዊት ከመድፍ ፍንዳታ በኋላ እየተንቀጠቀጡ፣ መናገር እያቃታቸው ለሚመጡ ወታደሮች ሁለት ፊደል አዘጋጀ። ጉዳቱ ከጠላት የመጣ ነው ከተባለ መዝገቡ ላይ ደብልዩ ይጻፋል፤ ሰውየው ቁስለኛ ነው፣ እጅጌው ላይ የቁስለኛ ምልክት ያደርጋል። ከፍንዳታ በኋላ የመጣ አይደለም ከተባለ ግን ኤስ ይጻፋል፣ በሽተኛ። ምልክት የለም፣ ጡረታም የለም። የሁለቱም እጅ እኩል ይንቀጠቀጥ ይሆናል። ያኔ ኤስ የተጻፈበት ሰው ሕመሙ ከጦርነቱ ተለይቶ ተቀመጠ፤ ዛሬ ደግሞ ያቺው ፊደል በኮዱ መጨረሻ ላይ ስትገባ ሕመሙን ከጦርነቱ ጋር የምታስረው እሷ ናት።

የመንፈስ ቁስል መንገዱ ትንሽ ሌላ ነው። ፒቲኤስዲ የምንለው፣ ከአሰቃቂ ነገር በኋላ የሚመጣው የአእምሮ ሕመም፣ አሜሪካ ውስጥ በ1980 ነው በይፋ የሕመም ስም ያገኘው። በአይሲዲ-10-ሲኤም ኤፍ43.1 ሥር ነው፤ ሥር ሲሰድ ኤፍ43.12። የአካል ቁስል ስለሌለ መሐል ላይ የሚገባ የጉዳት ኮድ ላይኖር ይችላል፤ የውጭ ምክንያት ኮድ ግን ከአእምሮ ሕመም ጋርም መጻፍ ይፈቀዳል። ከ2022 ጀምሮ ሥራ ላይ የዋለው አሥራ አንደኛው ዕትም ደግሞ ለሁለት ከፍሎታል፣ 6ቢ40 እና 6ቢ41። ሁለተኛው ውስብስቡ ነው። ቅዠቱና ድንጋጤው ላይ ሌላ ይጨመርበታል፤ ስሜትን መቆጣጠር ማቃት፣ "እኔ ዋጋ የለኝም" ማለት፣ ሰው መቅረብ አለመቻል። የቀድሞ ወታደሮች ሚስቶች ለዓመታት ሲናገሩት የኖሩት ነገር ነው ይህ። አሁን ቁጥር አገኘ።

ስለ ፍንጣሪ ሳልናገር አላልፍም። ብዙ ፍንጣሪ ሰውነት ውስጥ ይቀራል፣ ምክንያቱም ማውጣቱ ከመተው የበለጠ ሊጎዳ ይችላል። ለዚህ ዜድ18 የሚባል ምድብ አለ። ዜድ18.10 ማለት ብረት ነው፣ ዓይነቱ አልታወቀም። ለጥይት የሚውለው የተዳከመ ዩራኒየም የሚባለው ብረት ከሆነ ዜድ18.01 ይሆናል። ይህችን ኮድ "ምን ታደርጋለች?" ብሎ የሚዘላት ብዙ ነው። ታካሚው ከዓመታት በኋላ ኤምአርአይ ሲታዘዝለት ግን ማሽኑ ማግኔት ነው፣ ዓይን አጠገብ ወይም አከርካሪ አጠገብ ያለ ብረት ሊያንቀሳቅስ ይችላል። አንዳንዱ ብረት ደግሞ ቀስ በቀስ ደም ውስጥ ይገባል። ባልቲሞር ውስጥ የቀድሞ ወታደሮችን የሰውነት ፍንጣሪ የሚከታተል ማዕከል እስከ መቋቋም የተደረሰው ለዚህ ነው።

አሁን ብዙ ሰው የሚያምታታው ነገር ላይ ደረስን፤ ኮድ ጡረታ አይደለም። የአሜሪካ የቀድሞ ወታደሮች ጉዳይ መሥሪያ ቤት ካሣ ሲወስን የሚጠቀምባቸው ሌሎች፣ ባለ አራት አሃዝ ቁጥሮች አሉት። 5165 ከጉልበት በታች ተቆርጦ ሰው ሠራሽ እግር የሚቀበል እግር ነው፣ 40 ከመቶ የአካል ጉዳት መጠን ያስገኛል። 6260 የጆሮ ጩኸት ነው፣ 10 ከመቶ። 9411 ፒቲኤስዲ፣ 8045 የጭንቅላት ጉዳት ቅሪት። ሐኪም ቤት የሚጻፈው የአይሲዲ ኮድ በቀጥታ ወደዚያ አይገለበጥም፣ ዋይ36 ስለተጻፈም ማንም ካሣ አይሰጥም። የሚጠየቁት ሦስት ነገሮች ናቸው፦ አሁን ያለ ሕመም፣ በአገልግሎት ላይ የደረሰ ነገር፣ እና ሁለቱን የሚያገናኝ ድልድይ። ድልድዩም እርግጠኛ መሆን አይጠበቅበትም፤ "ቢያንስ እኩል ለእኩል ያስኬዳል" ከተባለ ይበቃል። ግን ይህን የሚፈርደው ሰው የሚያነበው የሕክምና መዝገብ ነው። 12 ዓመት ሙሉ "የእግር ሕመም፣ ራስ ምታት፣ እንቅልፍ ማጣት" እያለ አንድም ጊዜ ፍንዳታውን ያላነሳ መዝገብ ድልድዩን ሊሠራለት አይችልም።

ታዲያ ለምን ይዘለላል? አንደኛ፣ የውጭ ምክንያት ኮድ በአሜሪካ በአገር ደረጃ ግዴታ አይደለም፤ አንድ ክፍለ ግዛት ወይም ከፋዩ አካል ካላስገደደ በስተቀር በፈቃድ የሚጻፍ ነው። ክፍያ የማያመጣ ነገር ሥራ ሲበዛ መጀመሪያ ይወድቃል። ሁለተኛው ይብሳል፤ ኮደር የመገመት መብት የላትም። መዝገቡ ላይ የተቆረጠ እግር ተጽፏል፣ የቀድሞ ወታደር ተብሏል፣ የሌለ እግር ሕመም አለ፣ ዓይን ያለው ሁሉ ያገናኘዋል። እሷ ግን ሐኪሙ "በ" ወይም "ምክንያት" ወይም "የተነሳ" የሚል ቃል ካልጻፈ ማገናኘት አይፈቀድላትም። ማድረግ የምትችለው ጥያቄ መላክ ነው፣ እሱንም መልሱን ሳትጠቁም። "ይህ ሕመም ከምን የመጣ እንደሆነ ቢገልጹልን" ትላለች እንጂ "ከፈንጂው ነው አይደል?" አትልም።

ሥራ በጀመርኩ ሰሞን እንዲህ ያለ ጥያቄ ልኬ መልስ ሳይመጣ ሁለት ሳምንት አለፈና መዝገቡ እንዳለ ተዘጋ። ኤም79 ሆኖ ቀረ። እስከ ዛሬ ትዝ ይለኛል።

ስለዚህ ሕመምተኛው ራሱ፣ ወይም አብሮት የሚሄደው ልጁ ወይም ሚስቱ፣ ምርመራ ክፍል ውስጥ የሚናገሩት ነገር ትልቅ ለውጥ ያመጣል። "እግሬን ያመኛል" ብላችሁ አትተዉት። መቼ፣ በምን፣ የት ሆናችሁ እንደተጎዳችሁ ንገሩት፤ ከዚያ ወዲህ ይህ ሕመም መቼ እንደጀመረ ንገሩት። "ይህንን ከጉዳቱ የመጣ ነው ብለው ያስባሉ?" ብላችሁ ጠይቁ፤ "አዎ" ካለ "መዝገቡ ላይ እንዲህ ብለው ይጻፉልኝ" በሉት። ይሄ መብት ነው። ሐኪም ከሆናችሁ ደግሞ የምትጨምሩት አንድ መስመር ነው።

የመጀመሪያው ሰውዬ መዝገብ ላይ ያቺ መስመር ብትኖር ይህን ትመስል ነበር፦ "ከ12 ዓመት በፊት በውጊያ ላይ በእጅ በተሠራ ፈንጂ ቀኝ እግሩ ከጉልበት በታች በመቆረጡ ምክንያት የመጣ የሌለ እግር ሕመም።" ጂ54.6፣ ኤስ88.111ኤስ፣ ዋይ36.230ኤስ፣ ዜድ89.511። ኮደሯ ይህን አንብባ አራቱን ለመጻፍ ሁለት ደቂቃ አይፈጅባትም።